ኤስኤስ ዩናይትድ ስቴትስ፦ ለጦርነት ታስባ ተሠርታ ወታደር ያልጫነችው መርከብ

ኤስኤስ ዩናይትድ ስቴትስ ሙሉ በሙሉ በአሜሪካ ከተሠሩት የውቅያኖስ መንገደኛ መርከቦች ሁሉ ትልቋ ናት። ከ1952 እስከ 1969 (እ.ኤ.አ.፤ ከዚህ በታች ያሉትም ዓመታት እንዲሁ) በኒውዮርክና በአውሮፓ ወደቦች መካከል ስትመላለስ ኖራለች። ርዝመቷ 302 ሜትር ነው። ታይታኒክን በ30 ሜትር ያህል ትበልጣታለች። ወደ 1,900 መንገደኞችና 900 ሠራተኞች ትይዝ ነበር። የዚህች መርከብ ታሪክ የሚጀምረው ግን ከመንገደኞቿ ሳይሆን ከወታደሮች ነው።

በሁለተኛው የዓለም ጦርነት አሜሪካ ወታደሮቿን ባሕር ስታሻግር እጅግ የጠቀሟት ሁለት የእንግሊዝ መርከቦች ነበሩ፤ ኩዊን ሜሪና ኩዊን ኤልዛቤት። ኩዊን ሜሪ በሐምሌ 1943 በአንድ ጉዞ ብቻ 16,683 ሰው ጭና አትላንቲክን ተሻግራለች። እንደ እሷ ፈጥኖ የሚሄድ መርከብ ላይ የጀርመን ሰርጓጅ መርከቦች በቀላሉ አይደርሱም ነበር። ጦርነቱ ሲያበቃ አሜሪካኖቹ የራሳቸው መርከብ እንዲኖራቸው ፈለጉ። ሌላ ጦርነት ቢመጣ የሰው መርከብ መጠበቅ አያዋጣም። ስለዚህ መንግሥት ለግንባታው እጁን ዘረጋ። ከ78 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ወጪ ውስጥ ወደ 50 ሚሊዮን የሚጠጋውን ሸፈነ። ቀሪውን ዩናይትድ ስቴትስ ላይንስ የተባለው የመርከብ ኩባንያ ቻለ። በምላሹ መርከቧ ጦርነት ከተነሳ ፈጥና ወደ ወታደር ማመላለሻ መቀየር ነበረባት። 14,000 ያህል ወታደር ጭና፣ ነዳጅ ሳትሞላ 10,000 ማይል እንድትጓዝ ተደርጋ ተነደፈች።

የነደፋት ዊልያም ፍራንሲስ ጊብስ ይባላል። በ1886 ፊላደልፊያ ተወለደ። ገና በስምንት ዓመቱ እዚያው ከተማ አንድ ትልቅ መርከብ ውኃ ላይ ሲወርድ አየ፤ ከዚያ ወዲህ ልቡ መርከብ ላይ ቀረ። ቤተሰቡ ግን ሕግ እንዲማር ፈለገ። እሱም ተማረ፣ ጠበቃም ሆነ። የመርከብ ንድፍን ራሱን በራሱ ነው ያስተማረው። በጦርነቱ ዘመን ከተሠሩት የአሜሪካ መርከቦች አብዛኞቹ ላይ የእሱ ድርጅት እጅ አለበት። ይህቺን መርከብ ግን ከሁሉም አስበልጦ ይወዳት ነበር።

ጊብስን እንደ እሳት የሚያስፈራው ነገር አልነበረም። ምክንያትም ነበረው። በ1934 ሞሮ ካስል የተባለች መርከብ ኒው ጀርሲ አጠገብ ተቃጥላ 137 ሰዎች አልቀዋል። በ1942 ደግሞ የፈረንሳዮቹ ኩራት ኖርማንዲ ኒውዮርክ ወደብ ላይ እንደቆመች ከብየዳ በተነሳ ፍንጣሪ ተያያዘች። እሳቱን ለማጥፋት የተረጨው ውኃ ከብዶባት ተገለበጠች። ጊብስ ከዚህ በኋላ በመርከቡ ላይ እንጨት እንዳላይ አለ። የመኝታ ክፍሎቹ ዕቃ፣ ወንበሩ፣ የነፍስ አድን ጀልባው፣ የቀረው ሁሉ ከአሉሚኒየም፣ ከመስታወት ክርና እሳት ከማይበላቸው ጨርቆች ተሠራ። እንጨት የተፈቀደው ለሁለት ነገር ብቻ ነበር ይባላል፤ ለወጥ ቤቱ የሥጋ መክተፊያና ለፒያኖው። እሱንም ቢሆን አሉሚኒየም ፒያኖ እንዲሠሩለት ጠይቆ ነበር። ሠሪዎቹ እንቢ ስላሉ በቀላሉ እሳት በማይዘው እንጨት ተስማማ። በዘመኑ ለዚሁ ጥበቃ የገባው አስቤስቶስ፣ እሳት የማይበላው ግን አቧራው ሳንባን የሚጎዳ ማዕድን፣ ኋላ ጣጣ ሆነ።

አሉሚኒየሙ ሌላም ጥቅም ነበረው። የላይኛው ክፍሏ ስለቀለለ መርከቧ ፈጠነች። ኒውፖርት ኒውስ፣ ቨርጂኒያ በሚገኘው የመርከብ መሥሪያ በ1950 ሥራዋ ተጀምሮ በሁለት ዓመት ተኩል ገደማ አለቀ። የሞተሮቿ ጉልበት 240,000 የፈረስ ጉልበት ደርሶ ነበር፤ በሙከራ ጉዞዋም በሰዓት 71 ኪሎ ሜትር ያህል ሄዳለች። ይህ ለዓመታት የመንግሥት ምስጢር ነበር። ከውኃ በታች ያለው ቅርጿና ፕሮፔለሮቿም ጭምር እንዳይታዩ ይጠበቁ ነበር።

ሐምሌ 3 ቀን 1952 ከኒውዮርክ ተነስታ የመጀመሪያ ጉዞዋን ጀመረች። አዛዡ ኮሞዶር ሃሪ ማኒንግ ነበሩ። ከመንገደኞቹ መካከል የፕሬዚዳንት ትሩማን ልጅ ማርጋሬት ነበረችበት። አትላንቲክን በ3 ቀን ከ10 ሰዓት ከ40 ደቂቃ አቋረጠችው። ኩዊን ሜሪ ከ1938 ጀምሮ ይዛው የነበረውን ክብረ ወሰን በ10 ሰዓት ሰበረችው። መልስ ጉዞዋንም በ3 ቀን ከ12 ሰዓት ከ12 ደቂቃ ጨረሰች፤ በዚያ አቅጣጫ ይህን ሰዓት ያሻሻለ የመንገደኛ መርከብ እስካሁን የለም። ይህ ሁሉ የሆነው ሙሉ ጉልበቷን ሳትጠቀም መሆኑ ያስደንቀኛል።

ከዚያ በኋላ ጥሩ ዓመታት መጡ። የፊልም ተዋናዮች፣ ባለጸጎች፣ ወደ አውሮፓ የሚዛወሩ የመንግሥት ሠራተኞች ተሳፈሩባት። ሞናሊዛ በ1963 አሜሪካ ታይታ ወደ ፈረንሳይ የተመለሰችው በዚህች መርከብ ነው። በ1968 ደግሞ ቢል ክሊንተን፣ ያኔ ተማሪ፣ ወደ ኦክስፎርድ ሲሄድ ተሳፍሮባታል። ወታደር ግን ጭና አታውቅም።

ያሸነፋት አውሮፕላን ነው። በጥቅምት 1958 ጄት አውሮፕላኖች አትላንቲክን መሻገር ጀመሩ። ቀናት የሚፈጀው መንገድ የሰዓታት ሆነ። መንገደኛው ወደ ሰማይ ሲሄድ ኪሳራው ጨመረ፤ የሠራተኞች አድማም ነበር። የመንግሥት ድጎማም እንደማይቀጥል ታወቀ። ጊብስ በ1967 አረፈ። መርከቧ በኅዳር 1969 ለእድሳት ወደ ተሠራችበት ከተማ እንደገባች ከአገልግሎት መውጣቷ ተነገረ።

ቀጥሎ የመጣው ከሥራ ዘመኗ ሦስት እጥፍ የሚረዝም የሥራ ፈት ዘመን ነው። ባለቤት እየቀያየረች ቆመች። በ1984 የውስጥ ዕቃዋ በጨረታ ተሸጠ። በ1990ዎቹ መጀመሪያ ወደ ቱርክ፣ ከዚያም ወደ ዩክሬን ተጎትታ አስቤስቶሱ ከውስጧ ወጣ። በ1996 ፊላደልፊያ ደረሰች፤ እዚያም ሩብ ምዕተ ዓመት ከዚያም በላይ ቆየች። በ2011 የጊብስ የልጅ ልጅ ሱዛን ጊብስ የምትመራው ማኅበር በአንድ ለጋሽ እርዳታ ገዛት። ሆቴል፣ ሙዚየም፣ እንደገና መርከብ፤ ያልተሞከረ እቅድ የለም። አንዱም ገንዘብ አላገኘም። የኪራይ ጭቅጭቅ ተነስቶ በ2024 ፍርድ ቤት ከመቆሚያዋ እንድትነሳ ወሰነ።

ያኔ ፍሎሪዳ የሚገኘው የኦካሉሳ አስተዳደር ሊገዛት ተስማማ። እቅዱ በሜክሲኮ ባሕረ ሰላጤ ውኃ ውስጥ አስጥሞ በዓለም ትልቁ ሰው ሠራሽ የዓሣ መኖሪያ ማድረግ ነው። ማን ያልተናደደ አለ! ለብዙዎች ይህ ሁለተኛ ሞት ነበር። እኔ ግን ብረቷ ተቆራርጦ ከሚሸጥ ይሻላል ባይ ነኝ። ቢያንስ ቅርጿ ይተርፋል፤ ጠላቂ ሄዶ ያያታል። የካቲት 2025 ላይ በጎታች ጀልባዎች ከፊላደልፊያ ወጣች። በመጋቢት መጀመሪያ ደግሞ ለጽዳት አላባማ ውስጥ ወዳለችው ሞባይል ከተማ ገባች። የታሰበላት ቦታ ጥልቀቱ 55 ሜትር ያህል ነው። ቀይ፣ ነጭና ሰማያዊ ከተቀቡት ሁለት ግዙፍ ጭስ ማውጫዎቿ ጋር ሌሎች ክፍሎቿም የብስ ላይ ለሚሠራ ሙዚየም እንዲውሉ ታስቧል። ከፕሮፔለሮቿ አንዱን ዛሬም ኒውፖርት ኒውስ በሚገኘው የማሪነርስ ሙዚየም ግቢ ማየት ይቻላል።