«ብድር በምድር»፦ የአባባሉ ትርጉምና የምድሩ መስፋት

ወር በገባ በ23ኛው ቀን ማለዳ ፒያሳ በአራዳ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን በር ላይ የቆመ ሰው አንዲት ትንሽ ገበያ ያያል። ማዳበሪያ አንጥፈው የተቀመጡ ሴቶች የአንድ ብር ሳንቲሞችን ዘጠኝ ዘጠኝ አድርገው ደርድረው ተሳላሚውን ይጠብቃሉ። ተሳላሚው አሥር ብሩን ሰጥቶ ዘጠኝ ሳንቲም ይቀበልና ግራና ቀኝ ለተቀመጡት የኔ ቢጤዎች አንድ አንድ እያደለ ወደ ቅጽሩ ይዘልቃል። አሥረኛዋ ብር የዘርዛሪዋ የድካም ዋጋ ናት። ረፋዱ ላይ እነዚያው ሳንቲሞች ከነዳያኑ እጅ ወደ ዘርዛሪዋ ተመልሰው በወረቀት ብር ይለወጣሉ። በቅርቡ እዚያው በር ላይ አንድ ዓይነ ስውር አባት የሰጠኋቸውን ሳንቲም በጣታቸው ዳብሰው ካረጋገጡ በኋላ፣ «እግዜር ብድርህን በምድር ይክፈልህ» ብለው መረቁኝ። የዚህ ጽሑፍ ጉዳይ በምርቃታቸው ውስጥ ያለችው አጭር አባባል ናት፦ ብድር በምድር።

አባባሏ ሁለት ቃል ብቻ ናት፤ ማሰሪያ አንቀጽ እንኳ የላትም። ብድርና ምድር ቤት ስለሚመቱ በአፍ ላይ ትቀላለች፣ ከጆሮም አትጠፋም። ሰው የሠራው፣ ደግም ይሁን ክፉ፣ ሳይሞት እዚሁ በቆመበት መሬት ላይ ዋጋውን ያገኛል ማለት ናት። እናቱን የጦረ ሰው በተራው በልጆቹ ሲጦር፣ ጎረቤቱ ሲቸገር ፊቱን ያዞረ ባለጸጋ ደግሞ ኋላ የሰው ደጅ ሲጠና ያየ ሁሉ «ብድር በምድር ነው» ይላል። በአማርኛ ብድር የገንዘብ ብቻ እንዳልሆነ ልብ ማለት ያስፈልጋል። «ብድሩን መለሰ» ሲባል የሰማ ሰው ነገሩን አስቀድሞ ካላወቀ፣ ዕዳ ተከፈለ፣ ውለታ ተመለሰ ወይስ በቀል ተወጣ ብሎ መጠየቅ ይኖርበታል። የሚመለስ ነገር ሁሉ በአንድ ስም የተጠራው፣ ተናጋሪዎቹ ገንዘቡን ከውለታው፣ ውለታውንም ከነፍሳቸው ጉዳይ ለይተው ስላልኖሩ ይመስለኛል።

የአባባሏ ሥር የሃይማኖት ትምህርት ውስጥ ነው። መጽሐፈ ምሳሌ በምዕራፍ 19 ለድሃ የሚራራ ሰው ለእግዚአብሔር እንደሚያበድርና እርሱም እንደሚከፍለው ያስተምራል። ቁርኣንም በአል በቀራ ምዕራፍ በአንቀጽ 245 ለአላህ መልካም ብድር የሚያበድረውን ሰው እጥፍ ድርብ እንደሚመልስለት ይናገራል። በሁለቱም ዘንድ ሳንቲሙን የሚቀበለው ድሃው ቢሆንም ተበዳሪው ፈጣሪ ነው። የዕለት ተዕለት ምስጋናችን የቆመውም በዚሁ ሐሳብ ላይ ነው፤ «እግዜር ይስጥልኝ» የሚል ሰው፣ እኔ የምከፍልህ የለኝምና ፈጣሪ በእኔ ፈንታ ይክፈልህ ማለቱ ነው። ሙስሊሙ «አላህ ይስጥልኝ» ወይም «ጀዛከላህ ኸይር» ሲልም ዕዳውን የሚያዞረው ወደዚያው ነው። በእጁ ምንም የሌለው መንገደኛ እንኳ ለለማኙ «እግዜር ይስጥህ» ብሎ ነው የሚያልፈው። ይሁንና መምህራኑ የምጽዋትን ዋጋ ለሰማይ ቤት ሲያቆዩት፣ አባባሏ «በምድር» ብላ ወደዚህ ትስበዋለች። ይህን እንደ ተቃርኖ የሚቆጥሩት አሉ፤ እኔ አልቆጥረውም። ከፋዩ እግዜር ቢሆንም የሚከፍልበት እጅ የሰው እጅ ነውና።

ብድር የሚለው ቃል ብዙ ሲተነተን ምድር የሚለው ግን ሳይጠየቅ ይታለፋል። በአባባሏ ውስጥ ምድር ማለት ዓለም በሙሉ አይደለም፤ አበዳሪውና ተበዳሪው አብረው የሚቆሙባት፣ አንዱ የሌላውን ደጅ የሚያውቅባት መሬት ናት። በቀደመው ዘመን ይህ በግልጽ ይታይ ነበር። ባለዕዳና ባለገንዘብ ዕዳው እስኪከፈል ወይም ነገሩ በዳኛ እስኪያልቅ ድረስ እጅ ለእጅ በሰንሰለት፣ አለዚያም ነጠላ ለነጠላ ተቋጥረው አብረው ይሄዱ፣ አብረው ያድሩ ነበር፤ ቁራኛ ይባላል። በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን አዲስ አበባ የመጡ የውጭ አገር ሰዎች በመገረም ጽፈውታል፣ ፎቶግራፍም አንስተዋል። ዛሬ «የድህነት ቁራኛ» ስንል ሰንሰለቱ ትዝ አይለንም። የአራዳ ገበያም ጣሊያን በወረራው ዘመን ወደ ዛሬው መርካቶ እስኪያዛውረው ድረስ የሚውለው ከዚሁ ከጊዮርጊስ አጠገብ ነበር። ግሪኩ፣ አርመኑ፣ ሕንዱና የመኑ በአንድ ሜዳ ይነግዱ ነበር፤ ሃይማኖታቸው ቢለያይም ዱቤ የሚሰጡት ለሚያውቁት ሰው ነው። በየሰፈሩ ሱቅ ያለው የዱቤ ደብተር እስከ ዛሬ የሚሠራው በዚሁ መንገድ ነው፤ ከስም ሌላ ማስያዣ የለውም።

ምድሩ ሲሰፋ የሚሆነውን የሃይማኖት ሕግጋት ቀድመው አስበውበታል። ኦሪት ዘዳግም በምዕራፍ 23 ከወንድምህ ወለድ አትቀበል፣ ከባዕድ ግን መቀበል ትችላለህ ይላል፤ ወለድ የሚጀምረው ወንድምነት ከሚያበቃበት ድንበር ላይ ነው። አዲስ አበባ ውስጥ የመጀመሪያው ባንክ፣ የአቢሲኒያ ባንክ፣ እ.ኤ.አ. በ1906 ሥራ ሲጀምር በግብፅ ብሔራዊ ባንክ ሥር ነበር፤ ገንዘቡም ደንቡም ከባሕር ማዶ የመጣ ነው። ለብዙ ሙስሊም ነጋዴዎች ወለድ የእምነት እንቅፋት ሆኖ ኖሯል። የኢትዮጵያ ብሔራዊ ባንክ ከወለድ ነፃ አገልግሎትን እ.ኤ.አ. በ2011 ፈቀደ፤ በ2021 ደግሞ ዘምዘም ባንክ ሙሉ በሙሉ ከወለድ ነፃ ሆኖ የተቋቋመ የመጀመሪያው ባንክ ሆኖ ተከፈተ። ሙራባሃ በሚባለው አሠራር ባንኩ ዕቃውን ራሱ ገዝቶ፣ ትርፉን በግልጽ ተናግሮ ለደንበኛው በጊዜ ክፍያ ይሸጥለታል። ያለ አንዳች ጭማሪ የሚሰጠው ደግሞ ቀርድ ሐሰን ይባላል፤ ስሙ ከላይ ካነሳሁት የቁርኣን አንቀጽ የተወሰደ ሲሆን፣ በቀጥታ «መልካም ብድር» ማለት ነው። የቅዱስ መጽሐፍ ቃል ዛሬ በፒያሳና በሜክሲኮ አደባባይ የባንክ መስኮቶች ላይ የአገልግሎት ስም ሆኖ ማየት እኔን በእጅጉ ያስደንቀኛል።

የአገር ብድር ግን ከዚህ ሁሉ ይርቃል። ኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 2014 በዩሮቦንድ፣ ማለትም ለውጭ ገበያ በሚሸጥ የዕዳ ወረቀት፣ አንድ ቢሊዮን ዶላር በ6.625 በመቶ ወለድ ተበደረች፤ በዲሴምበር 2023 ደግሞ 33 ሚሊዮን ዶላር የሚሆነውን ወለድ ሳትከፍል ቀረች። ቦንዱ ከእጅ ወደ እጅ የሚሸጥ ወረቀት በመሆኑ ዛሬ የያዘው ሰው ትናንት የያዘው አይደለም፤ ቁራኛ የሚታሰርበት እጅ የለውም። እንዲህም ሆኖ በዚያ ሰፊ ገበያ ላይ አንድ ጊዜ የኦሪት ቃል ተሰምቷል። ኦሪት ዘሌዋውያን በምዕራፍ 25 የሃምሳኛውን ዓመት ኢዮቤልዩ ሲያውጅ፣ የተሸጠ ርስት ለባለቤቱ እንዲመለስ፣ በድህነት ራሱን የሸጠም ነፃ እንዲወጣ ያዛል። ለእኛ ቃሉ እንግዳ አይደለም፤ ዘመንን በኢዮቤልዩ የሚቆጥረውን መጽሐፈ ኩፋሌን ሙሉውን ጠብቆ ያቆየው ግዕዝ ብቻ ነው። እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ አብያተ ክርስቲያናትና የእርዳታ ድርጅቶች በዚሁ ስም «ኢዮቤልዩ 2000» ብለው የድሃ አገሮች ዕዳ እንዲሰረዝ ተነሡ። በሜይ 1998 የቡድን ስምንት መሪዎች በእንግሊዟ በርሚንግሃም ሲሰበሰቡ 70 ሺህ ያህል ሰዎች እጅ ለእጅ ተያይዘው የሰው ሰንሰለት ሠሩ። ኢትዮጵያም ከባድ ዕዳ ላለባቸው ድሃ አገሮች በወጣው ፕሮግራም የመጨረሻውን ደረጃ እ.ኤ.አ. በ2004 አልፋ ከፍተኛ የዕዳ ስረዛ አገኘች። ስረዛውን የወሰኑት የገንዘብ ሚኒስትሮችና ተቋማት ቢሆኑም፣ ጥያቄውን ከደጃቸው ያደረሱት በማያውቁት ሰው ዕዳ ራሳቸውን ቁራኛ ያደረጉ ምእመናን ናቸው። «በምድር» የሚለውን ቃል ከዚህ በላይ ያሰፋው ሌላ ነገር አላውቅም።

ወደ ፒያሳ ልመለስ። ባለፈው ወር አንድ ባንክ ውስጥ ወረፋ ይዤ ሳለሁ፣ አንዲት በዕድሜ የገፉ እናት ከቤይሩት ልጃቸው የላከችውን ገንዘብ ሊወስዱ ከፊቴ ቆመው ነበር። የሐዋላውን ቁጥር በእስክሪብቶ የጻፉባት ቁራጭ ወረቀት በላብ ርሳ አንዱ አሃዝ ጠፍቷል። ሂጃብ የለበሰችው ገንዘብ ከፋይ ወረቀቷን ወደ መብራቱ አቅርባ አየችው፤ ከዚያም ስልካቸውን ተቀብላ ቤይሩት ደወለችና ቁጥሩን ከልጃቸው አፍ ሰምታ ሞላችው። እናት ብሩን ሁለት ጊዜ ቆጥረው በመቀነታቸው ቋጠሩት።

«ብድርሽን በምድር ይክፈልሽ፣ የኔ ልጅ» አሏት።

«አሚን፣ እማማ።»

ሊሄዱ ዞር ካሉ በኋላ ወደ መስኮቱ ተመለሱና ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «የልጄንም እዚያው ባለችበት ምድር ይክፈላት» አሉ። ልጅቷም አንገቷን ጎንበስ አድርጋ እንደገና «አሚን» አለች፤ ቀጣዩ ቁጥር ተጠራ።