«ድቡ» ኤሊስ፦ መሬቱ ካናዳ፣ ስሙ ፓስፊክ፣ እሱ ለንደን

ቱቫሉን ታውቋታላችሁ? ያቺ «ዶት ቲቪ» የሚለውን የኢንተርኔት አድራሻ የያዘችው ሚጢጢ አገር። እስከ 1970ዎቹ አጋማሽ ድረስ ስሟ ኤሊስ ደሴቶች ነበር። ነገሩ እንዲህ ነው፦ በ1819 አረንት ደ ፔይስተር የተባለ የመርከብ ካፒቴን በዚያ ሲያልፍ ዛሬ ፉናፉቲ የምትባለውን ደሴት አየ። መርከቡ ላይ የተጫነው ዕቃ ደግሞ የአንድ የለንደን ነጋዴና የፓርላማ አባል ነበር። በቃ፣ ደሴቷን በባለዕቃው ስም ጠራት። ባለዕቃው ኤድዋርድ ኤሊስ እግሩ እዚያ ደርሶ አያውቅም።

የሰውየው ሕይወት በሙሉ እንዲህ ነው ማለት ይቻላል። ንብረቱ በየባህር ማዶው ተበትኖ እሱ ግን አብዛኛውን ጊዜ ለንደን ነው፤ ሲያመቸውም ሰው ቤት እራት ላይ ጉዳዩን ይጨርሳል።

የተወለደው ለንደን በ1783 ነው (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው)። አባቱ አሌክሳንደር ስኮትላንዳዊ ነጋዴ ነበር፤ ከካናዳ በሚመጣ የእንስሳ ቆዳ ንግድ ሀብታም ሆኗል። ያኔ የአውሮፓ ወንድ ባርኔጣ የሚሠራው ቢቨር ከሚባል የውሃ ዳር እንስሳ ፀጉር ስለነበር ገንዘቡ እዚያ ነበር። ልጁም ዊንቸስተርና አበርዲን ተምሮ በወጣትነቱ ወደዚሁ ንግድ ገባ። «ድብ» የሚለውን ቅጽል ስም ከዚሁ ከቆዳ ንግዱ ነው ያገኘው የሚሉ አሉ፤ ሌሎች ደግሞ ከተንኮለኛነቱ ነው ይላሉ። እኔ ሁለቱም አይጎረብጡኝም።

ተንኮለኛነቱን ለማየት 1821 ይበቃል። ካናዳ ውስጥ ኖርዝ ዌስት እና ሃድሰን ቤይ የሚባሉ ሁለት ኩባንያዎች በቆዳ ንግድ ተናንቀው ነበር፤ በ1816 ሰቨን ኦክስ በተባለው ቦታ ተታኩሰው የሃድሰን ቤይ ገዢና ወደ 20 የሚጠጉ ሰዎቹ ሞተዋል። ኤሊስ የኖርዝ ዌስት ወገን ነው። ለንደን ላይ ቁጭ ብሎ ሁለቱ እንዲዋሃዱ ካደራደሩት አንዱም እሱ ነው። ከዚያ መንግሥት ለ21 ዓመት ብቸኛ የንግድ ፈቃድ ሲሰጥ ወረቀቱ ላይ ከኩባንያው ጎን የሦስት ግለሰቦች ስም ሰፈረ፤ አንዱ የማን እንደሆነ አልነግራችሁም።

ትልቁ ሀብቱ ግን መሬት ነው። አባቱ በ1795 ከሞንትሪያል ደቡብ ምዕራብ፣ በሴንት ሎውረንስ ወንዝ ዳር ቦአርኑዋ የሚባል ሰፊ ግዛት ገዝቶ ነበር። የተከፋፈለውን መሬት በቤተሰቡ ልጆች ስም ጠሩት፤ ጆርጅታውን፣ ኦርምስታውን፣ ካትሪንስታውን እያሉ። መሬቱ የሚተዳደረው ፈረንሳዮች ትተውት በሄዱት የሴኞሪ ሥርዓት ነው። ገበሬው በየዓመቱ ለጌታው ይከፍላል። እህሉን በጌታው ወፍጮ ያስፈጫል፤ ከ14 እጅ አንዱን እዚያው ይተዋል። መሬቱን ከሸጠ ገዢው ከዋጋው ከ12 እጅ አንዱን ለጌታው ይሰጣል። ለእኛ ጆሮ ጭሰኛ ይመስላል፤ ልዩነቱ ይሄኛው ገበሬ መሬቱን መሸጥም ለልጁ ማውረስም ይችላል።

ኤሊስ ይህ ሥርዓት አልተመቸውም። የፈለገው እንደ እንግሊዝ አገር እንደልብ የሚሸጥና የሚለወጥ መሬት ነው። ስለዚህ ሕጉ እንዲቀየር ፓርላማ ውስጥ ገፋ፤ በ1825 የወጣው ሕግም ይህንን ፈቀደ። ከዚያ በፊት በ1822 ፈረንሳይኛ ተናጋሪውን ታችኛውን ካናዳ ከእንግሊዝኛ ተናጋሪው ላይኛው ጋር የሚያዋህድ ረቂቅ እንዲቀርብ ጥሯል። ኪቤኮች አበዱ፣ ፊርማ አሰባሰቡ፣ የታችኛው ካናዳ ፖለቲከኞች ፓፒኖና ኒልሰን ለንደን ድረስ ሄዱ፣ ረቂቁም ወደቀ። ውህደቱ ግን በ1841 መጣ።

በፖለቲካው ዊግ ነው፤ ማለትም የለውጥ ደጋፊዎቹ ፓርቲ ሰው። ከ1818 ጀምሮ፣ መሃል ላይ ጥቂት ዓመት ተቋርጦ፣ የእንግሊዟ ከተማ የኮቨንትሪ የፓርላማ ተወካይ ነበር። ሚስቱ ሃና የቻርልስ ግሬይ እህት ናት፤ አዎ፣ በሻዩ ስሙን የምታውቁት ኧርል ግሬይ። ግሬይ በ1830 ጠቅላይ ሚኒስትር ሲሆን ኤሊስ የፓርቲው ድምፅ አሰባሳቢ ሆነ፤ የ1832ቱ የምርጫ ማሻሻያ ሕግ እስኪያልፍ አባላቱን ሲያግባባና ሲያስፈራራ የከረመ እሱ ነው። ቀጥሎ እስከ 1834 የጦር ጉዳይ ጸሐፊ ሆነ። ከዚያ በኋላ ሹመት አልያዘም። የለውጥ ደጋፊዎች መሰባሰቢያ የሆነው የለንደኑ ሪፎርም ክለብ በ1836 ሲቋቋም የመጀመሪያው ሊቀ መንበር ሆኖ ከጀርባ ሲሠራ ኖረ።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚዘለው ነገር አለ። ኤሊስ ካሪቢያን ውስጥ፣ ግሬናዳን ጨምሮ፣ የስኳር እርሻና ባሪያዎች ነበሩት። በ1833 ባርነትን የሻረው ሕግ ሲወጣ እሱ ራሱ የመንግሥቱ ሹም ነው። ያ ሕግ ለባለቤቶች 20 ሚሊዮን ፓውንድ ካሳ መደበ፤ ኤሊስም ድርሻውን ወሰደ። ለተፈቱት ሰዎች የተመደበ ምንም የለም። ሁለት ባላ ትከል ይባል የለ፤ ይሄ ሰውዬ ባላውን በየአህጉሩ ነው የተከለው።

በ1838 ግን ነገሩ ቤቱ ድረስ መጣ። የግሬይን ልጅ ያገባው ሎርድ ዱራም ካናዳን ሊያስተዳድር ሲላክ፣ የኤሊስ ልጅ (እሱም ኤድዋርድ ነው ስሙ) የግል ጸሐፊው ሆኖ አብሮ ሄደ። ዱራም ኖቬምበር 1 ላይ ካናዳን ለቆ ወጣ። ከሁለት ቀን በኋላ ሌሊት ላይ በእንግሊዝ አገዛዝ ላይ የተነሱ በመቶ የሚቆጠሩ አማፂያን የቦአርኑዋን ጌታ ቤት ከበቡ። ልጁን ማርከው ወሰዱት። ሚስቱ ጄን እዚያው ቀረች፤ ሰዓሊ ስለነበረች ያየቻቸውን አማፂያን በውሃ ቀለም ሳለቻቸው። ያ ሥዕል ዛሬ በካናዳ ብሔራዊ ቤተ መዛግብት ይገኛል፤ የዚያን ዓመት አመፅ ታሪክ የሚያነብ ሰው ሳያገኘው አያልፍም።

በሳምንቱ ግሌንጋሪ ከሚባል የላይኛው ካናዳ አውራጃ የስኮት ዘር ዘማቾች መጥተው መንደሩን አስለቀቁ። ከዚያ የመንደሩን ቤት አቃጠሉ፣ ዘረፉ። በእግር መጥተው በፈረስ ተመለሱ ተብሎ ተተርቶባቸዋል። አመፁ ሲያበቃ 12 ሰው ሞንትሪያል ላይ ተሰቀለ፣ 58 ደግሞ ወደ አውስትራሊያ ተጋዘ።

ኤሊስ በዓመቱ ግዛቱን በ150,000 ፓውንድ ለአንድ የቅኝ ግዛት መሬት ኩባንያ ለመሸጥ ተዋዋለ። የኩባንያው ወኪል የቅኝ አሰፋፈር ቀማሪው ኤድዋርድ ጊበን ዌክፊልድ ነበር። በዚያው ዳር በ1842 የቦአርኑዋ ቦይ ቁፋሮ ተጀመረ፤ በሚቀጥለው ዓመት ደሞዝ አነሰን ብለው ያደሙ አየርላንዳውያን ቆፋሪዎች ላይ ወታደር ተኩሶ ሰው ገደለ።

በመጨረሻ ኤሊስ ፊቱን ወደ አባቱ አገር ስኮትላንድ አዞረ። በደጋው ግሌንኮይችን፣ በ1860 ደግሞ ግሌንጋሪን ገዛ። ቦአርኑዋን ያስለቀቁት ዘማቾች አያቶች ድሮ ከዚሁ መሬት ተነስተው ነው ካናዳ የገቡት፤ የአውራጃቸው ስምም ከዚሁ የተወሰደ ነው። ኤሊስ በሴፕቴምበር 1863 እዚያው መሬቱ ላይ አርዶኪ በተባለ ቤት ሞተ። 80 ሊሞላው ቀናት ቀርተውት ነበር፤ የኮቨንትሪን ወንበርም አልለቀቀም።