ኢኮኖፊዚክስ፦ የቃሉ ፍቺና አገባብ በባሕር ዳር ገበያ ምሳሌ

ኢኮኖፊዚክስ «ኢኮኖሚክስ» እና «ፊዚክስ» ከሚሉት ቃላት የተገጣጠመ ስያሜ ነው። ብዙ ሰው የሚገዛበትንና የሚሸጥበትን ገበያ በስታቲስቲካዊ ፊዚክስ ዘዴ የሚመረምር የጥናት መስክ ይጠራበታል። ስታቲስቲካዊ ፊዚክስ በአንድ ክፍል አየር ውስጥ ያለውን እያንዳንዱን ሞለኪውል አይከታተልም፤ ስንቶቹ በምን ፍጥነት እንደሚሄዱ ስርጭቱን ይዞ የክፍሉን ሙቀትና ግፊት ያወጣል። ኢኮኖፊዚክስም ቅዳሜ ባሕር ዳር ገበያ ስለወጣ አንድ ሽንኩርት ሻጭ ሐሳብ አይጠይቅም። የሚጠይቀው የሺዎቹ ግዢና ሽያጭ ተደምሮ ዋጋው በምን ያህል መጠን፣ በየስንት ጊዜው እንደሚዘል ነው።

ቃሉን የፈጠረው አሜሪካዊው የፊዚክስ ሊቅ ዩጂን ስታንሊ ነው። እ.ኤ.አ. በ1995 ሕንድ ኮልካታ በተካሄደ ጉባኤ ላይ ተጠቀመበት፤ በኅትመት የወጣው በ1996 ነው (ከዚህ በኋላ «ዓ.ም.» ያልተባለበት ዓመት ሁሉ እ.ኤ.አ. ነው)። ስታንሊና ሮዛሪዮ ማንቴኛ በዚያው በ1995 የአሜሪካ የአክሲዮን መለኪያ የሆነውን የኤስ ኤንድ ፒ 500 ውጣ ውረድ በዚህ ዘዴ መርምረው አሳትመው ነበር። ሐሳቡ ግን ከስሙ በብዙ ይቀድማል። ፈረንሳዊው ሉዊ ባሽልዬ በ1900 ባቀረበው የዶክትሬት ጽሑፍ የቦንድ ዋጋን እንደ ዘፈቀደ ጉዞ (እያንዳንዱ እርምጃ በዕጣ እንደሚወሰንበት ጉዞ) ቀምሯል፤ አንስታይን ውሃ ውስጥ ያለች ቅንጣት ስለምታሳየው መዋዠቅ የጻፈው ከእርሱ 5 ዓመት ዘግይቶ በ1905 ነው። በዚህ ሥፍራ ፊዚክስ ለምጣኔ ሀብት አበደረ ከማለት ምጣኔ ሀብት ቀደመ ማለት ይቀርባል። በትምህርቱ መሐንዲስ የነበረው ቪልፍሬዶ ፓሬቶ በ1890ዎቹ የገቢ ስርጭት የላይኛው ጫፍ የኃይል ሕግ (ፓወር ሎው፦ መጠኑ በእጥፍ ባደገ ቁጥር ድግግሞሹ በቋሚ ምጥጥን የሚቀንስበት ሕግ) እንደሚከተል አሳየ። የሒሳብ ሊቁ ቤኗ ማንደልብሮት ደግሞ በ1963 የጥጥ ዋጋ ለውጥ በደወል መሰሉ ኩርባ (ብዙው በአማካዩ ዙሪያ ተሰባስቦ፣ ከአማካዩ እጅግ የራቀው በጣም ብርቅ በሚሆንበት ስርጭት) እንደማይገለጽ ጻፈ።

በአማርኛ «ኢኮኖፊዚክስ» ብሎ እንዳለ መያዙ ይሻላል፤ ሙያተኛውም «የኢኮኖፊዚክስ ተመራማሪ» ይባላል። «የኢኮኖሚ ፊዚክስ» ማለት አሻሚ ነው፤ ሰሚው የፊዚክስ ምርምር ስለሚያወጣው ወጪ የሚወራ ሊመስለው ይችላል። ከሁሉ በላይ ጥንቃቄ የሚያሻው ግን ቋንቋችን ገበያን ከጥንት ጀምሮ በሙቀትና በግፊት ቃላት መግለጹ ነው። ገበያው ሞቀ፣ ቀዘቀዘ፣ ዋጋው ናረ፣ ረገበ እንላለን። እነዚህ ያማሩ ዘይቤዎች ናቸው፤ ኢኮኖፊዚክስ ግን አይደሉም። «የፍላጎት ግፊት ዋጋውን አነሣው» የሚል ጽሑፍም የፊዚክስ ቃል ስለያዘ ብቻ ስሙን አያገኝም። ስሙን የሚያገኘው የሚለካ መጠን፣ የሚገመት ስርጭትና በመረጃ ሊወድቅ የሚችል ቀመር ሲኖረው ነው።

ልዩነቱን ቁልጭ አድርጎ የሚያሳየው የገንዘብ ልውውጥ ሞዴል ነው። አድሪያን ድራጉሌስኩና ቪክቶር ያኮቬንኮ በ2000 ያሳተሙት ይህ ሞዴል ገንዘብን እንደ ኃይል (ኢነርጂ)፣ ሰዎችን እንደ ሞለኪውል ያያል። ሁለት ሞለኪውሎች ሲጋጩ ኃይል ይለዋወጣሉ፣ ድምሩ ግን አይለወጥም፤ ሁለት ሰዎች ሲገበያዩም የአንዱ ብር ወደ ሌላው ኪስ ይገባል እንጂ አይጠፋም። እዚህ ላይ «ሙቀት» ዘይቤ መሆኑ ይቀርና ቁጥር ይሆናል፦ ጠቅላላው ገንዘብ ለሰው ብዛት ሲካፈል የሚገኘው አማካይ ነው።

ሞዴሉን ክፍል ውስጥ በሽምብራ መሥራት ይቻላል። 10 ሰው ይቀመጥ፣ ለእያንዳንዱ 3 ፍሬ ይሰጠው፣ ከ1 እስከ 10 የተጻፈባቸው ወረቀቶች ተጠቅልለው ጣሳ ውስጥ ይግቡ። ሁለት ወረቀት ይወጣል፤ በመጀመሪያ የወጣው በሁለተኛ ለወጣው 1 ሽምብራ ይሰጣል። ሰጪው ባዶ ከሆነ ምንም አይደረግም። ወረቀቶቹ ተመልሰው ይበጠበጡና እንደገና ይወጣል። 150 ያህል ልውውጥ ካለፈ በኋላ በየ50 ልውውጡ ስንት ሰው ስንት ፍሬ እንደያዘ ይመዝገብ። መዝገቦቹ ሲደመሩ በአማካይ ከ10ሩ 2 ወይም 3 ሰው ባዶውን ሆኖ ይገኛል፤ ጥቂቶች 8 እና 9 ይይዛሉ። ከሁሉ የሚበዛው «ምንም የለኝም» የሚለው ነው፤ ከዚያ ወዲያ ቁጥሩ በጨመረ መጠን የያዡ ብዛት ይመነምናል።

ሙከራው የሚበላሽባቸው ሁለት የተለመዱ መንገዶች አሉ። አንደኛው ቶሎ ማቆም ነው። በ20 ወይም በ30 ልውውጥ ከተቆመ ሰዎቹ በ3 ዙሪያ ተሰባስበው ደወል መሰል ቅርጽ ይታያል፤ ተማሪውም ውጤቱ ይህ ነው ብሎ ይሄዳል። ልውውጡ ስርጭቱን ለማደላደል ጊዜ ይፈልጋል፤ ጊዜውም በአማካዩ ካሬ ልክ ያድጋል። ስለዚህ በ3 ፈንታ 10 ሽምብራ የሰጠ ሰው ከ10 ጊዜ በላይ መታገሥ አለበት፤ ይህን በእጅ ሳይሆን በኮምፒዩተር ይሥራው። ሁለተኛው ስሕተት «ለባዶ ሰው እናበድር» ብሎ ሕጉን መሐል ላይ መቀየር ነው። ብድር ከተፈቀደ ታችኛው ወሰን ዜሮ መሆኑ ይቀራል፣ ስርጭቱም ሌላ ይሆናል።

የሰውና የፍሬው ቁጥር ሲበዛ ስርጭቱ ኤክስፖኔንሻል ወደሚባለው (ከዜሮ ጀምሮ በቋሚ ምጥጥን ወደሚመነምነው) ይጠጋል፤ ከዚያ በኋላ ያለው ሒሳብ ነው። 63 በመቶው ሰው ከአማካዩ በታች ይይዛል። የታችኛው ግማሽ ከጠቅላላው 15 በመቶ ገደማ ሲደርሰው፣ የላይኛው 20 በመቶ 52 በመቶውን ይወስዳል። ጂኒ የሚባለው የኢፍትሐዊነት መለኪያ (0 ፍጹም እኩልነት፣ 1 ሁሉን አንድ ሰው የያዘበት ነው) 0.5 ይሆናል። ማንም አላጭበረበረም፣ ማንም ከማንም አልጎበዘም፤ እኩል የጀመሩ ሰዎች በዕጣ ብቻ ይህን ያህል ተራራቁ። የአሜሪካ የግብር መረጃ ሲታይ ከ97 እስከ 99 በመቶ የሚሆነው ሕዝብ ገቢ ይህን ቅርጽ ሲከተል፣ የላይኛዎቹ ጥቂቶች ደግሞ የፓሬቶን የኃይል ሕግ ይከተላሉ። ይህ ማለት ግን ድህነት ዕጣ ነው ማለት አይደለም። ሞዴሉ የሚለው የስርጭቱ ቅርጽ ብቻውን ለምክንያቱ ምስክር ሊሆን አይችልም ነው።

ሁለተኛውና ሰፊው ዘርፍ የዋጋ ለውጥ ጥናት ነው። መጀመሪያ የሚሠራው ዋጋን ወደ ሎጋሪዝማዊ ለውጥ መቀየር ነው፤ አዲሱ ዋጋ ለቀድሞው ተካፍሎ ሎጋሪዝሙ ይወሰዳል። ለምሳሌ የአንድ ኪሎ ሽንኩርት ዋጋ በሦስት ተከታታይ ቅዳሜዎች 50፣ 60 እና 48 ብር ነው እንበል። በመቶኛ ሲሰላ 20 ወጥቶ 20 ወርዷል፤ ድምሩ ዜሮ ይመስላል፣ ዋጋው ግን 50 ላይ አልተመለሰም። በተፈጥሯዊ ሎጋሪዝም ሲሰላ የመጀመሪያው ለውጥ 0.182፣ ሁለተኛው ደግሞ −0.223 ነው። ድምራቸው −0.041 ይመጣል፤ ይህም ከ50 ወደ 48 ከመውረዱ ጋር በትክክል ይገጥማል።

ቀመሩ ቀላል ነው፤ አስቸጋሪው ዋጋውን መሰብሰብ ነው። በባሕር ዳር ገበያ ቲማቲምና ቃሪያ በመደብ ይሸጣል። መደቡ ዛሬም 20 ብር፣ በሳምንቱም 20 ብር ሊሆን ይችላል፤ የሚለወጠው መደቡ ላይ የተቀመጠው ፍሬ ነው። 6 የነበረው ቲማቲም 4 ከሆነ የአንዱ ዋጋ ከ3.33 ወደ 5 ብር አደገ፤ ሎጋሪዝማዊ ለውጡ 0.405 ነው። መዝጋቢው «20 ብር» ብሎ ብቻ ከጻፈ ግን ዜሮ ለውጥ ይመዘግባል። ደግሞም ፍሬ በግማሽ ስለማይቀነስ ለውጡ በደረጃ ይዘላል፤ ያ ዝላይ የመለኪያው እንጂ የገበያው ጠባይ አይደለም። መፍትሔው ትንሽ ሚዛን ይዞ መደቡን መመዘንና ዋጋውን በኪሎ ማስላት ነው። ዓሣም እንዲሁ ነው። ሙሉው በቁጥር፣ ተገፎ የተዘጋጀው ሥጋ በኪሎ ይሸጣል፤ ቆሮሶና አምባዛም አንድ ዋጋ የላቸውም። እነዚህን በአንድ ዓምድ የቀላቀለ መዝገብ ምንም ዓይነት ትንተና አያድነውም።

ወቅትም ወጥመድ ነው። በዐቢይ ጾም 55 ቀናት ሥጋ ሲቀር ዓሣ የሚበሉ ጿሚዎች ፍላጎቱን ከፍ ያደርጉታል። ጾሙ ግን በየዓመቱ ቀኑ ይዘዋወራል፦ ፋሲካ በ2016 ዓ.ም. ሚያዝያ 27፣ በ2017 ዓ.ም. ሚያዝያ 12 ዋለ። «የሚያዝያ ወር ተጽዕኖ» ብሎ በወር ስም ያስተካከለ ሰው አንዱን ዓመት በጾም፣ ሌላውን በፍስክ ይለካል። መቁጠር ያለበት ከፋሲካ ወደ ኋላ በቀን ነው። በወር አማካይ የሚሠራ ደግሞ የጳጉሜን 5 ወይም 6 ቀን እንደ ሙሉ ወር እንዳይገባበት ይጠንቀቅ።

የኢኮኖፊዚክስ ትልቁ ግኝት ያለው በስርጭቱ ጭራ፣ ማለትም እጅግ ትልልቅ በሆኑት ለውጦች ላይ ነው። የአክሲዮን ዋጋ ለውጥ ደወል መሰሉን ኩርባ ቢከተል ኖሮ ከመደበኛ ልይይቱ (ለውጦቹ በተለምዶ ከአማካያቸው ከሚርቁበት መጠን) 5 እጥፍ የሚሆን የቀን ዝላይ በ7,000 ዓመት ገደማ አንድ ጊዜ ብቻ ይታይ ነበር። በእውነተኛው ገበያ ግን በአንድ ሰው ዕድሜ ደጋግሞ ይታያል፤ ጥቅምት 19 ቀን 1987 እ.ኤ.አ. የኒው ዮርኩ ዳው ጆንስ በአንድ ቀን 22.6 በመቶ ወርዷል። የስታንሊ ቡድን በ1990ዎቹ መጨረሻ ያወጣው «የተገላቢጦሽ ኩብ ሕግ» የዝላዩ መጠን በእጥፍ ሲያድግ ድግግሞሹ ወደ አንድ ስምንተኛ ይወርዳል ይላል። የሚቀንሰው በዝግታ ስለሆነ ትልቁ አደጋ እንግዳ ሳይሆን የገበያው ቤተኛ ነው።

ይህን በአካባቢ መረጃ መፈተን ለሚፈልግ አንድ ማስጠንቀቂያ አለ። የአንድ ዓመት ሳምንታዊ መዝገብ 51 ለውጥ ይሰጣል፤ የላይኛው 5 በመቶ ማለት 2 ወይም 3 ነጥብ ነው። 0.40፣ 0.32 እና 0.28 ትልልቆቹ፣ ቀጣዩ ደግሞ 0.20 ነው እንበል። ጭራው በምን ፍጥነት እንደሚቀጥን የሚገምተው የሂል ቀመር ሦስቱን ለ0.20 አካፍሎ ሎጋሪዝማቸውን ይወስዳል፦ 0.693፣ 0.470፣ 0.336። አማካዩ 0.50 ነው፤ ሲገለበጥ የጭራው መጠን 2 ይሆናል (በተገላቢጦሽ ኩብ ሕግ ይህ ቁጥር 3 ነው)። ስሕተቱ ግን 2 ለ3 ካሬ ሥር ሲካፈል፣ ማለትም 1.15 ያህል ነው። ስለዚህ እውነተኛው ቁጥር 1ም 3ም ሊሆን ይችላል። በሎግ-ሎግ ወረቀት (ሁለቱም ዘንጎች በሎጋሪዝም በተሠሩበት) ላይ ሦስት ነጥብ በማስመሪያ ማገናኘትማ ማንንም አያቅትም። ሕግ አገኘሁ ለማለት በመቶዎች የሚቆጠሩ የጭራ ነጥቦች ያስፈልጋሉ፤ ያ ማለት ብዙ ሺህ ምዝገባ ነው።

ከሌሎቹ ዘርፎች የሚጠቀሰው በዳሚየን ሻሌና በዪ-ቼንግ ዣንግ በ1997 የቀረበው የአናሳዎች ጨዋታ ነው፤ ብራያን አርተር በ1994 ካነሣው ጥያቄ የተወለደ ነው። ቁጥራቸው ጎዶሎ የሆነ ተጫዋቾች ከሁለት አንዱን ይመርጣሉ፤ የሚያሸንፉት ጥቂቶቹ ናቸው። ጣና ላይ መረባቸውን ከሁለት ቦታ በአንዱ የሚጥሉ አጥማጆችን ማሰብ ይረዳል። ሁሉም ትናንት የተገኘበት ቦታ ከሄደ ለማንም አይበቃም። በአንጻሩ የፎገራ ገበሬ ሽንኩርት ተወደደ ብሎ ሲዘራ በመከሩ ዋጋው መውደቁ ኢኮኖፊዚክስ አይደለም፤ የምጣኔ ሀብት ሰዎች «የሸረሪት ድር» ብለው ከዚህ መስክ መወለድ በፊት አጥንተውታል። ያን እንደ አዲስ ግኝት ማቅረብ መስኩን ያስንቃል።

እንዲህ ያለው ቸልታ በጽሑፍም ተተችቷል። ማውሮ ጋሌጋቲ፣ ስቲቭ ኪን፣ ቶማስ ሉክስና ፖል ኦርሜሮድ የተባሉ አራት የምጣኔ ሀብት ምሁራን በ2006 ባሳተሙት ትችት፣ የኢኮኖፊዚክስ ተመራማሪዎች የምጣኔ ሀብትን ቀደምት ሥራ አያነቡም፣ የስታቲስቲክስ ፍተሻቸው ይላላል፣ ለሁሉም ቦታ የሚሠራ ሕግ አለ ብለው ይቸኩላሉ፣ ልውውጥን ብቻ አይተው ምርትን ይዘነጋሉ አሉ። የመጨረሻው ነጥብ ከሁሉ የከበደ ነው። ሽምብራው ጨዋታ ውስጥ አይበቅልም፣ አይነቅዝምም። የጣና ዓሣ ግን በየቀኑ ከሐይቁ ይወጣል፣ ካልተሸጠም በማግስቱ ይበላሻል፤ ደንገል ቆርጦ ታንኳ የሚሠራው ሰውም ያልነበረ ሀብት ይፈጥራል። ድምሩ አይለወጥም የሚለው ሕግ ለአጭር ጊዜ የብር ልውውጥ ይሠራል፤ ለሀብት አይሠራም።

በአገራችን ለዚህ ሥራ የሚሆን ጥቅጥቅ ያለ መረጃ የሚገኘው ዋጋ በየቀኑ በአንድ ደረጃና በአንድ መለኪያ ከሚመዘገብበት ሥፍራ ነው። የኢትዮጵያ ምርት ገበያ ከ2008 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ያገበያያል፤ የኢትዮጵያ ሰነደ መዋዕለ ንዋይ ገበያ በጥር 2025 እ.ኤ.አ. ተከፍቷል። እንዲህ ያለ መረጃ ሲወሰድ በቅድሚያ የሚጣራው የቀን የዋጋ ገደብ መኖር አለመኖሩ ነው። ገደቡ ትልቁን ዝላይ ቆርጦ ለሁለትና ለሦስት ቀን ያከፋፍለዋል፤ ጭራው የቀጠነ ይመስላል፣ ተከታታይ ቀናትም በአንድ አቅጣጫ የሚሄዱ ይመስላሉ። ገደቡን የነኩ ቀናት ተለይተው ምልክት ሊደረግባቸው፣ ለውጡም ገደቡ እስኪለቀቅ ድረስ ተደምሮ እንደ አንድ ሊቆጠር ይገባል።