መሬት ላራሹ ምንድን ነው?

«መሬት ላራሹ» በየካቲት 1957 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ወደ ፓርላማ ሲተሙ ያሰሙት መፈክር ሲሆን፣ እስከ 1966ቱ አብዮት ድረስ የተማሪዎች እንቅስቃሴ ዋነኛ ጥያቄ ሆኖ ቆይቷል። በወቅቱ ምክር ቤቱ የባለመሬትንና የጭሰኛን ግንኙነት ለማሻሻል በታሰበ ሕግ ላይ ይነጋገር ነበር፤ ሆኖም ባለመሬቶች በሞሉበት ፓርላማ እንዲህ ያለ ሕግ ሥርዓቱ እስኪወድቅ ድረስ ሊጸድቅ አልቻለም።

የጥያቄውን ክብደት ለመረዳት አውድማውን ማየት ይበቃል። በተለይ በደቡብ፣ ከዳግማዊ ምኒልክ ዘመቻዎች በኋላ ሰፊ መሬት ለመኳንንት፣ ለወታደርና ለቤተ ክርስቲያን በተሰጠበት አካባቢ፣ ጭሰኛው አርሶ፣ አርሞና አጭዶ ከወቃው እህል ሲሶውን ወይም እኩሌታውን ለባለመሬቱ ይሰፍራል፤ በሬውና ዘሩ የባለመሬቱ ከሆኑ ደግሞ የሚተርፈው ከዚያም ያንሳል። ባለመሬቱ ሊከፍለው የሚገባው አሥራት እንኳ ብዙ ጊዜ ከጭሰኛው ቁና ይወጣ ነበር። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ለባለመሬቱ ድርሻ ያስቀመጠው ጣሪያ የምርቱ ሦስት አራተኛ መሆኑ ሕጉ ለማን ያደላ እንደነበር ለመፍረድ በቂ ይመስለኛል። በኋላም ትራክተር አርሲን ወደመሳሰሉ አካባቢዎች ሲገባ ጭሰኛው ጭራሹን ከመሬቱ ይነቀል ጀመር። በሰሜን ግን አብዛኛው ገበሬ ባለርስት ስለነበር መፈክሩ ያን ያህል አልነካውም፤ እንዲያውም የጎጃም ገበሬ በ1960 ያመፀው አዲሱ የእርሻ ገቢ ግብር ርስቱን ያስነጥቀኛል ብሎ በመስጋቱ ጭምር ነው።

ደርግ የካቲት 25 ቀን 1967 ባወጣው አዋጅ ቁጥር 31 የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት ሆነ፤ ጭሰኝነት ቀረ፣ ለአንድ ቤተሰብ የሚሰጠው መሬት ከ10 ሄክታር እንዳይበልጥ ተወሰነ፣ መሬት መሸጥ፣ ማስያዝና ማከራየትም ተከለከለ። ገበሬው ከባለመሬት እጅ ወጣ፤ ነገር ግን ብዙም ሳይቆይ እህሉን በኮታ፣ መንግሥት በቆረጠለት ዋጋ እንዲያስረክብ ተገደደ።

የ1987ቱ ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 40 የመሬት ባለቤትነትን የመንግሥትና የሕዝብ አድርጎ፣ ለገበሬው መሬት በነፃ የማግኘትና ከይዞታው ያለመነቀል መብት ሰጠው። የዛሬው ክርክር የሚነሣውም ከዚሁ ነው። ደጋፊዎቹ መሬት ቢሸጥ ችግር የጠናበት ገበሬ ማሳውን በርካሽ ሸጦ ዳግም ጭሰኛ ይሆናል ሲሉ፣ ተቃዋሚዎቹ ከተማ እየሰፋ ሲመጣ ይዞታውን የሚለቀው ገበሬ የሚካሰው በመሬቱ ላይ ላፈራው ንብረትና ለሚያጣው ገቢ እንጂ ለመሬቱ ዋጋ አለመሆኑን ያነሣሉ።