ቢጫው የበረሃ ጊንጥ

ጊንጥ ሲባል ብዙ ሰው የሚፈራው ጥቁሩንና ደንዳናውን ነው። ይልቅ መፈራት ያለበት ከሲታው ነው። መቆንጠጫው የቀጠነ ጊንጥ የያዘውን በጉልበት ስለማይጥል በመርዙ ይተማመናል። በሳይንስ ስሙ ሌዩረስ ኩዊንክዌስትሪያተስ የሚባለው ቢጫ ጊንጥ እንዲህ ያለ ነው።

አገሩ በረሃ ነው፤ ከሰሃራ እስከ ግብፅና ሱዳን። በእስራኤል ኔጌቭ በረሃ ያለውን የቅርብ ዘመዱን ተመራማሪዎች በ2014 እ.ኤ.አ. ራሱን የቻለ ዝርያ አድርገው ለይተውታል። ቤርሳቤህ አካባቢ የሚኖሩ ወገኖቻችን ጊንጥ በዕብራይስጥ «አክራብ» ሲባል ሰምተው ይሆናል። ቃሉ ለእኛም እንግዳ አይደለም፤ ኮከብ ቆጣሪዎቻችን «ዐቅራብ» የሚሉት ያው ጊንጥ ነው።

ርዝመቱ ከ8 እስከ 11 ሴንቲ ሜትር ይደርሳል። መልኩ ገለባ ይመስላል፤ ከመንደፊያው በላይ ያለው የጅራቱ አንጓ ግን ብዙ ጊዜ ጥቀርሻ የነካው ያህል ይጠቁራል። ቀኑን ድንጋይ ሥር ወይም ጉድጓድ ውስጥ ያሳልፋል። ሲመሽ ወጥቶ ፌንጣ፣ ሸረሪት፣ ሲገኝም ሌላ ጊንጥ ያድናል። ውሃውን በአብዛኛው የሚያገኘው ከሚበላው ነው። ሳይበላ ወራት ይቆያል።

እሱን ለማግኘት ጨረቃ በሌለችበት ሌሊት የአልትራቫዮሌት ባትሪ ይዞ መውጣት ነው። ባንክ ቤት የብር ኖት የሚፈተሽበት ዓይነት ብርሃን ማለት ነው። ሲበራበት አሸዋው ጨለማ እንደሆነ ይቀራል፤ ጊንጡ ብቻ አረንጓዴ ሆኖ ቦግ ይላል። ቅርፊቱን ገና የቀየረ ከሆነ ግን አይበራም፤ እስኪጠነክር ይቆያል። እናቲቱ ከሆነች ደግሞ ነጫጭ ልጆቿን ጀርባዋ ላይ ደራርባ ትታያለች። እንቁላል አትጥልም፤ የምትወልደው ነፍስ ያላቸውን ነው።

መርዙ ነርቭን ያውካል። ሕመሙ ለጉድ ነው፤ ሲብስ ልብ ይደክማል፣ ሳንባም ውሃ ይቋጥራል። ጤነኛ አዋቂ አብዛኛውን ጊዜ ይተርፋል፤ ለሕፃን ግን ክፉ ነው። መብጣት፣ መምጠጥ፣ በገመድ ጥፍር አድርጎ ማሰር አይረባም። ማርከሻ ስላለው ቶሎ ሐኪም ቤት መድረስ ነው።

ከዚሁ መርዝ ክሎሮቶክሲን የተባለ ትንሽ ፕሮቲን ተገኝቷል። 36 አሚኖ አሲድ ብቻ ነው፤ አንዳንድ የአንጎል ዕጢዎች ላይ ይጣበቃል። ተመራማሪዎች የሚያበራ ቀለም አያይዘውበት በሰው ላይ ሞክረውታል፤ ቀዶ ሐኪሙ ዕጢውን ከጤነኛው ሥጋ እንዲለይበት።