ሚስተር ፍሊፕ (ድምፅ አልባ ፊልም)

ሚስተር ፍሊፕ እ.ኤ.አ. በ1909 ለሕዝብ የቀረበ፣ 4 ደቂቃ ያህል የሚፈጅ የአሜሪካ ድምፅ አልባ ኮሜዲ ነው። የሠራው ቺካጎ የነበረው ኤሳኔይ የፊልም ኩባንያ ነው። ያዘጋጀው ከኩባንያው መሥራቾች አንዱ የሆነው ጊልበርት አንደርሰን ሲሆን፣ ዋናው ተዋናይ ደግሞ በኋላ በሸውራራ ዓይኖቹ እንጀራውን የበላው ቤን ተርፒን ነው።

ታሪክ ከተባለ ታሪኩ አጭር ነው። ፍሊፕ ለካፊ ነው። ሴት የምትሠራበትን ቤት እየመረጠ ይገባል፤ ገብቶ ይጠጋል፣ ይነካካል፣ ቅጣቱን ይቀምስና ወደሚቀጥለው ያመራል። ከመደብሩ በዕቃ ጋሪ ተጭኖ ይወጣል። ጥፍር ሠሪዋ ጋ መቀስ ይወጋዋል። ፀጉር ቤት ፊቱ በሳሙና አረፋ ይለሰናል፣ ስልክ ማዞሪያ ቤት ኤሌክትሪክ ያንዘረዝረዋል፣ መጠጥ ቤት ሶዳ ይረጭበታል። ምግብ ቤት ሲደርስ ፓይ (በውስጡ ክሬም ወይም ፍራፍሬ ያለበት ጣፋጭ ኬክ መሳይ ምግብ) ፊቱ ላይ ያርፋል።

ፊልሙ እስካሁን የሚነሳው በዚህች ፓይ ምክንያት ነው፤ በሲኒማ ታሪክ ፊቱን በፓይ የተመታ የመጀመሪያው ሰው ተርፒን ነው ይባላል። የዘመኑ ፊልሞች አብዛኞቹ ስለጠፉ «የመጀመሪያው» የሚለውን በጥርጣሬ መያዝ ይበጃል። ደግሞም ከፓይዋ ይልቅ ልብ ሊባል የሚገባው ሌላ ነገር ነው፦ ፍሊፕን የሚመታው ሁሉ የሥራ ዕቃ ነው። ሴቶቹ ዱላ ፍለጋ አይሄዱም፤ እጃቸው ላይ ያለው እንጀራቸውን የሚያገኙበት መሣሪያ ይበቃቸዋል።

ዘመኑ የአሜሪካ ከተሞች ሴቶች ወደ መደብር፣ ወደ ቢሮና ወደ ስልክ ማዞሪያ በብዛት የገቡበት ነበር። የማዞሪያው ሥራማ መጀመሪያ የወጣት ወንዶች ነበር፤ በባለጌ አፋቸው ደንበኛ ሲማረር ነው ኩባንያዎች ከ1878 ጀምሮ ሴቶችን መቅጠር የጀመሩት። በጨዋ አንደበቷ የተቀጠረች ሠራተኛ ሰው ስታንዘረዝር ማየት ተመልካቹን ይበልጥ ሳያስቀው አልቀረም። እርግጥ ኮሜዲ ነውና ደንበኛ መትታ ከሥራ የተባረረች አናይም፤ እውነተኛዋ ሻጭ ይህን ያህል ዕድል አልነበራትም።

ተርፒን በ1915 በዚያው ኩባንያ ከቻርሊ ቻፕሊን ጋር ሠርቶ፣ ቆይቶ ወደ ኮሜዲ ፊልም ሠሪው ማክ ሴኔት ስቱዲዮ ተሻገረ። አንደርሰን በካውቦይ ፊልሞቹ ገነነ፤ በ1958ም የክብር ኦስካር ተሰጠው። የሚስተር ፍሊፕ ቅጂ ከጥፋት ተርፏል፤ በአሜሪካ የባለቤትነት መብቱ ዘመን ስላበቃም ማንም በነፃ ሊያየው ይችላል።