ባዮሉሚነሰንስ ምንድን ነው? ሞስኪቶ ቤይ የፀሐይ ብርሃን አያጠራቅምም

በፖርቶ ሪኮ፣ በቪዬከስ ደሴት ደቡባዊ ዳርቻ ስለሚገኘውና ሌሊት ውሃው ስለሚያበራው ሞስኪቶ ቤይ የተባለ ሰላጤ በአማርኛ የሚቀርቡ ማብራሪያዎች አንድ ስሕተት ሲደጋግሙ ማየቴ ይህን እንድጽፍ አስገድዶኛል። ሰሞኑን ጽሑፋቸውን ያነበብኩት አንድ አስተያየት ሰጪ፣ ውሃው ቀን የተቀበለውን የፀሐይ ብርሃን አጠራቅሞ ሌሊት መልሶ እንደሚሰጥና ምክንያቱም በውስጡ ያለው ፎስፈረስ እንደሆነ በእርግጠኝነት አስረድተዋል። የገለጹት ክስተት በተፈጥሮ አለ፤ ፎስፎረሰንስ ይባላል፤ መብራት ከጠፋ በኋላ ለጥቂት ጊዜ የሚታዩ የሰዓት ቁጥሮች የተቀቡት ቀለም የሚያበራው በዚሁ መንገድ ነው። በሞስኪቶ ቤይ የሚታየው ግን ባዮሉሚነሰንስ ነው፤ ይኸውም ሕያው ፍጥረት በገዛ አካሉ ውስጥ በሚያካሂደው ኬሚካዊ ለውጥ የሚያመነጨው ብርሃን ነው።

ብርሃኑን የሚሰጠው ፓይሮዲኒየም ባሃሜንሴ የተባለ ባለ አንድ ሕዋስ ፍጥረት ሲሆን፣ መጠኑ የአንድ ሚሊ ሜትር ሃያኛ እጅ ያህል ነው። መቅዘፊያ ወይም ዓሣ ውሃውን ሲያናውጠው እያንዳንዱ ሕዋስ ለአንድ ሰከንድ አሥረኛ ያህል ብልጭ ብሎ ይጠፋል። ማንም ካልነካው ሰላጤው ጨለማ ነው። አስተያየት ሰጪው ይህን አንድ ነገር ቢያስተውሉ ኖሮ መልሱን ባገኙት ነበር፤ የተጠራቀመ ብርሃን ጨለማ በሆነ ጊዜ በራሱ ይወጣል እንጂ የሚነካውን አይጠብቅምና።

ነገሩን በክብሪት ማስረዳት ይቻላል። ክብሪት ቀኑን ሙሉ ፀሐይ ላይ ቢሰጣ ማታ አያበራም፤ ለወራት በጨለማ ሣጥን ቢቀመጥም ሲጫር ይበራል። የክብሪቱ ጫፍ ሉሲፈሪን የተባለው ውህድ ነው፤ የሚጫርበት የቀፎው ጎን ደግሞ ሉሲፈሬዝ የተባለው ኤንዛይም፣ ማለትም ኬሚካዊ ለውጥን የሚያፋጥን ፕሮቲን ነው። መጫሩን የሚፈጽመው የውሃው ንቅናቄ ቢሆንም ሥራው በቀጥታ አይደለም፤ ንቅናቄው በሕዋሱ ውስጥ የኤሌክትሪክ ምልክት ያስነሣል፣ ምልክቱ አሲዳማ ከሆነው የሕዋሱ ከረጢት ሃይድሮጂን አዮኖችን ሲንቲሎን ወደሚባሉት ጥቃቅን አካላት ይለቅቃል፣ በዚያም ፒኤች (የአሲዳማነት መለኪያው፤ ሲወርድ አሲዳማነቱ ይጨምራል) ከ8 አካባቢ ወደ 6 አካባቢ ሲወርድ ኤንዛይሙ ነቅቶ ሉሲፈሪኑን ከኦክስጅን ጋር ያዋሕዳል፤ ሰማያዊው ብርሃን የሚወጣው ያኔ ነው። የተጫረ ክብሪት ተመልሶ እንደማይጫር ሁሉ፣ በተደጋጋሚ የታወከ ሕዋስም ብልጭታው እየደከመ ይሄዳል፤ ልዩነቱ ሕዋሱ ጊዜ ካገኘ አዲስ ክብሪት ለራሱ መሥራት መቻሉ ነው። ምሳሌው የማይሠራበት ቦታም አለ፤ ክብሪት አብዛኛውን ጉልበቱን በሙቀት ያባክናል፣ ይህ ብርሃን ግን ሙቀት የለውም ለማለት በሚያስደፍር ደረጃ ቀዝቃዛ ነው።

እዚህ ላይ በሙያችን ሳይነገር መታለፍ የሌለበት ጥንቃቄ አለ። ስለ አሠራሩ ዝርዝር የምናውቀው አብዛኛው ነገር የተገኘው ሊንጉሎዲኒየምን ከመሰሉ በቤተ ሙከራ ከሚባዙ ዘመዶቹ ነው። በሊንጉሎዲኒየም ውስጥ የብርሃኑ ፕሮቲኖች በየቀኑ ፈርሰው በየምሽቱ እንደገና ይሠራሉ፤ ፓይሮሲስቲስ በተባለው ሌላ ዘመዱ ግን እንዲህ አይደለም። ስለዚህ የአንዱን ዝርያ ባሕርይ ለሁሉም ማልበስ አይገባም። ተመራማሪዎቹ ዉድላንድ ሄስቲንግስ እና ቢያትሪስ ስዊኒ በ1950ዎቹ እ.ኤ.አ. እንዳሳዩት፣ ሊንጉሎዲኒየም በማይለዋወጥ ደብዛዛ ብርሃን ውስጥ ተይዞም እንኳ ብልጭታው ሌሊት በሚሆንበት ሰዓት ይበረታል፤ የሚመራው በውስጡ ባለው የራሱ የጊዜ ሥርዓት ነው።

ፀሐይ ምንም ድርሻ የላትም ማለቴ አይደለም። ፓይሮዲኒየም በብርሃን አስተፃምሮ ምግቡን ስለሚያዘጋጅ ጉልበቱ በመጨረሻ ከፀሐይ የመጣ ነው፤ በዚህ ስሌት ከተሄደ ግን የማንኛውም ፍጥረት እንቅስቃሴ የተጠራቀመ ፀሐይ ሊባል ነው። ፎስፈረስም ቢሆን እንደ ማንኛውም ሕይወት ላለው ነገር ያስፈልገዋል፤ የሚያበራው ግን እሱ አይደለም። ስሕተቱን ያባባሱት ፎቶግራፎች ይመስሉኛል፤ የካሜራው መዝጊያ ለብዙ ሰከንዶች ተከፍቶ ሲቆይ የሺዎች ብልጭታ በአንድ ምስል ተደምሮ ሰላጤው ሳያቋርጥ የሚያበራ ያስመስለዋል።

ከሁሉም በላይ የሚያሳምነው ማስረጃ በሰላጤው ላይ የደረሰው ነው። በመስከረም 2017 እ.ኤ.አ. ማሪያ የተባለው አውሎ ነፋስ ፖርቶ ሪኮን ከመታ በኋላ ሞስኪቶ ቤይ ለወራት ጨለመ፤ ብርሃኑ የተመለሰው በ2018 ነው። በእነዚያ ወራት ፀሐይ ከመውጣት አልተቋረጠችም፤ የጠፉት ሕዋሳቱ ነበሩ። በዚያ ብዛት ሊኖሩ የሚችሉት ሰላጤው ጥልቀት የሌለው፣ አፉ ጠባብና ዙሪያው ማንግሮቭ በሚባሉ በጨዋማ ውሃ ዳር የሚበቅሉ ዛፎች የተከበበ በመሆኑ ነው፤ ጠባቡ አፍ ወደ ክፍት ባሕር እንዳይወሰዱ ሲጠብቃቸው፣ የማንግሮቩ ቅጠል ሲበሰብስ ውሃውን ያዳብራል።

ይህን ዝርያ በየትም ቦታ እንደ ጌጥ ብቻ ማየትም ስሕተት ነው። በፊሊፒንስ ከ1983 ጀምሮ ዛጎል ለበስ የባሕር እንስሳትን እየመረዘ ሰዎችን ለሞት የዳረገው ይኸው ፓይሮዲኒየም ነው።

የተጠራቀመ ብርሃን ነው የሚል ሰው ሰላጤውን ለመጠበቅ ምክንያት አይታየውም፤ ፀሐይ እስካለች ድረስ ብርሃኑም ይኖራልና። በሞስኪቶ ቤይ መዋኘት የተከለከለው ግን ሰዎች ገላቸው ላይ የሚቀቡት የፀሐይ መከላከያና የትንኝ ማባረሪያ ኬሚካል ሕዋሳቱን እንዳይጎዳ ነው። ሌላዋ የፖርቶ ሪኮ ብሩህ ሰላጤ ላ ፓርጌራ፣ በሞተር ጀልባዎችና በዳርቻዋ በተስፋፋው ግንባታ ጫና ብርሃኗ ከቀድሞው በእጅጉ ደብዝዟል።